ታሪክን በአስማት የሚመዘግብ የእጅ ባለሙያዎች ማኅበር ለልቦለዴ እየፈጠርኩ ነው፣ ሕጉ ላይ ተይዣለሁ እርዱኝ

የማታ ብዕር፦

ሰላም ቤተሰብ፣ ትንሽ ረዘም ይላል ታገሱኝ። ሁለት አመት ሊሞላኝ ነው አንድ የፋንታሲ ልቦለድ በአማርኛ እየጻፍኩ ነው። አገሩ የፈጠራ ነው ግን ደጋ ነው፣ አምባ አለው ገደል አለው፣ ሐምሌ ላይ ጭጋግ ይወርድበታል፣ ማለቴ ሳነበው ቤቴ ያለሁ እንዲመስለኝ ነው የፈለግኩት። በዚህ አገር ላይ አንድ የእጅ ባለሙያዎች ማኅበር አለ፣ ቆዳ ወጣሪው፣ ቀለም በጥባጩ፣ ጸሐፊው፣ ሰዓሊው፣ ደጓሹ ሁሉም አንድ ግቢ ውስጥ ናቸው የሚኖሩት፣ ስራቸው የአገሩን ታሪክ መመዝገብ ነው፣ የሚመዘግቡት ደግሞ በአስማት ነው። መጽሐፉን የከፈተ ሰው ማንበብ ብቻ ሳይሆን ያያል፣ የጦርነቱን አቧራ ያሸታል፣ የሟቹን ድምፅ ይሰማል።

ችግሩ ሕጉ ላይ ነው። መጀመሪያ ላይ በዚህ ብራና ላይ ውሸት አይጻፍም፣ ሊዋሽ የፈለገ ሰው ብዕሩ እምቢ ይለዋል አልኩ፣ በጣምም ደስ ብሎኝ ነበር። ምዕራፍ ሰባት ስደርስ ግን ታሪኩ ሞተብኝ። ሁለት ወንድማማቾች በርስት ይጣላሉ፣ እውነቱ የማን እንደሆነ ለማወቅ መጽሐፉን መክፈት ነው፣ አለቀ። ንጉሡ ወንድሙን አስገድሏል ወይ? ክፈትና እይ። ዳኛ አያስፈልግም፣ ምስክር አያስፈልግም፣ ሽማግሌ አያስፈልግም፣ አገሩ ሙሉ የሚከራከርበት ነገር አጣ።

ሌላው ደግሞ የውጭ ፋንታሲ ብዙ ስላነበብኩ ነው መሰለኝ ሰዎቹ ሳላስበው ማማ ላይ የተቀመጡ ባለ ረጅም ካባ ሽማግሌዎች እየሆኑብኝ ነው። እኔ ደግሞ የኛ የእጅ ሽታ እንዲኖራቸው ነው የምፈልገው፣ ግን እውነቱን ለመናገር ብራና ሲሰራ በዓይኔ አይቼ አላውቅም፣ በመጽሐፍና በፎቶ ነው የማውቀው። አስማቱ ምኑ ላይ ይሁን? ምን ያስከፍላቸው? የምታውቁ ካላችሁ ማንኛውንም ነገር ጻፉልኝ፣ ሁሉንም አነባለሁ።

የቀለም ቀንድ፦

ሰላም። የእናቴ አባት ብራና ጸሐፊ ነበሩ፣ ሰላሌ ውስጥ፣ እስከ አስራ ሁለት አመቴ ድረስ እሳቸው ጋ ነው ያደግኩት፣ ስለዚህ ያየሁትን ልንገርህ።

አያቴ ስራውን የሚጀምሩት ከብዕር አይደለም ከፍየል ነው። ቆዳው ለቀናት ውሃ ውስጥ ይነከራል፣ ቤቱ ይሸታል፣ ሴት አያቴ በዛ ነገር ሁልጊዜ ይቆጡ ነበር። ከዛ እንጨት ላይ ዙሪያውን በገመድ ይወጠራል፣ ገና እርጥብ እያለ የስጋው ጎን በቢላ ይፋቃል፣ በድንጋይ ይታሻል፣ ፀሐይ ላይ ይደርቃል፣ ሲደርቅ ከበሮ ነው የሚሆነው በጣትህ ስትመታው ድም ይላል። ከዛ ይገለብጡትና ጸጉሩን ይላጩታል። ኖራ ምናምን የሚባል ነገር አይነካውም፣ ጉልበት ብቻ ነው። አያቴ ቀኑን ሙሉ ሲፍቁ ውለው ማታ እንጀራ መቁረስ እስኪያቅታቸው ጣታቸው ይታጠፍ ነበር። ከአንድ ፍየል ደግሞ የሚወጣው ጥቂት ቅጠል ነው፣ ትልቅ መጽሐፍ ማለት አንድ ሙሉ የፍየል መንጋ ማለት ነው።

አሁን ልጽፍልህ የፈለግኩት ዋናው ነገር ይሄ ነው። ፍየሏ በሕይወት እያለች እሾህ ወግቷት ወይ ነፍሳት ነክሷት ከሆነ ቆዳው ላይ ያለው ጠባሳ ስታየው ምንም አይመስልም፣ ሲወጠር ግን ይከፈታል፣ ክብ ቀዳዳ ይሆናል። አያቴ አንዳንዱን በክር ይሰፉታል፣ አንዳንዱን ይተውትና ጽሑፉን በዙሪያው ያሳልፉታል፣ አንድ ቃል ከቀዳዳው ወዲህ ይጀምርና ከቀዳዳው ወዲያ ይጨርሳል። እኔ ልጅ ሆኜ በቀዳዳው ውስጥ የሚቀጥለውን ገጽ ፊደል አይ ነበር፣ አንዴ ጣቴን ከትቼበት አያቴ ቀስ ብለው አወጡልኝና እዚህ ጋ እኮ እሾህ ወግቷት ነበር አሉኝ፣ እስካሁን ከጭንቅላቴ አልወጣም። የሞተች ፍየል ቁስል መጽሐፉ ውስጥ ቦታ ይዟል፣ ጸሐፊው ዞሮት ነው የሚያልፈው። እኔ አንተን ብሆን አስማቱን እዛ ነበር የማስቀምጠው። ብራናው የራሱ ትዝታ አለው፣ ጸሐፊው የፈለገውን ብቻ መጻፍ አይችልም ምክንያቱም ገጹ ራሱ ቀድሞ የኖረው ነገር አለ።

ቀለሙ ደግሞ፣ ጥቁሩ ከድስትና ከምጣድ ቂጥ የተፋቀ ጥቀርሻ ነው፣ የተቆላ እህል ተወቅጦ ይገባበታል፣ ሙጫ ይጨመራል፣ ከዛ ወራት ይቀመጣል ይቦካል። የቀለሙ ጥራት የሚወሰነው በትዕግስት ነው ይሉ ነበር። ቀዩ ለመክፈቻው መስመርና ለከበሩ ስሞች ብቻ ነው። የመጽሐፉ ባለቤት ስም የሚገባበት ቦታ መጀመሪያ ባዶ ይተዋል፣ ገዢው ሲታወቅ በቀይ ይሞላል። ያ ባዶ ቦታ ለልቦለድ ብዙ የሚሰራ ነው የሚመስለኝ።

የታሪክ ተማሪ፦

እህቴ የቀለም ቀንድ የጻፈችው ላይ ልቀጥል፣ ስለ ባዶው ቦታ። እኔ ዲጂታይዝ የተደረጉ ብራናዎች ለጥናቴ ብዬ ሳይ ብዙ ጊዜ የገጠመኝ ነገር የባለቤቱ ስም ተፍቆ ሌላ ስም መጻፉ ነው። መጽሐፍ ይሸጣል፣ ይወረሳል፣ ይዘረፋል፣ አዲሱ ባለቤት የድሮውን ስም በቢላ ያስፍቅና የራሱን ያስገባል። የተፋቀበት ቦታ ግን ዝም አይልም፣ ሻካራ ይሆናል፣ ይሳሳል፣ አዲሱ ቀለም ትንሽ ይፈሳል፣ አንዳንዴ የድሮዋ ፊደል እግር ከስር ትታያለች። እዚህ ጋ ቢላ ይዞ የተቀመጠ ሰው እንደነበረ ታውቃለህ።

አሁን ቃሉን ተመልከተው። ብራናውን ለመስራት ቆዳ ይፋቃል። ስም ለማጥፋትም ይፋቃል። አንድ ቃል ነው፣ በተመሳሳይ እጅ። በግዕዙም ፈሐቀ ነው፣ ብዙ ብራናዎች መጨረሻ ላይ ያለውን ውግዘት ታውቁታላችሁ፣ ዘሰረቆ ወዘፈሐቆ፣ የሰረቀውና የፋቀው በጴጥሮስና በጳውሎስ ሥልጣን የተወገዘ ይሁን የሚለው። መፋቅ ከስርቆት እኩል ነው የተወገዘው! ይሄን የሚጽፈው ሰውዬ ደግሞ ገጹን ያዘጋጀው ራሱ ፍቆ ነው። ለኔ ያንተ ማኅበር እዚህ ውስጥ ነው ያለው ወንድሜ። ገጽ የሚወልደውም ስም የሚገድለውም አንድ መሳሪያ ነው፣ ማኅበሩ ለሁለት ቢከፈል በዚህ ነው የሚከፈለው፣ ፍቀን እናስተካክል የሚሉና የተጻፈ አይፋቅም የሚሉ።

ብዕሩ ውሸት እምቢ ይላል የሚለውን ሕግ ግን ጣለው። ታሪክ ላይ ትልቁ ችግር ውሸት ብቻ ቢሆን ኖሮ የኛ ስራ ቀላል ነበር። አጼ ቴዎድሮስን ውሰድ፣ ደብተራ ዘነብ ንጉሡ በሕይወት እያሉ እያደነቀ ጻፈ፣ አለቃ ወልደ ማርያም ደግሞ ንጉሡ ከሞቱ በኋላ የሕዝቡን መከራ እያየ ጻፈ። አንዱን አንብበህ ሌላውን ስታነብ ሁለት ሰው ነው የሚመስልህ፣ ሁለቱም ግን የነበሩ ሰዎች ናቸው፣ ያዩትን ነው የጻፉት። የቆሙበት ቦታ ነው የተለያየው። ስለዚህ መጽሐፍህ ሲከፈት የሚያሳየው የጸሐፊው ዓይን የነበረበትን ቦታ ብቻ ይሁን። ከኋላው የሆነውን አያውቅም። ወንድማማቾቹ መጽሐፉን ይክፈቱ ችግር የለም፣ አባትየው ለማን እንደሰጠ ሳይሆን በሩ ላይ የቆመው ጸሐፊ የሰማውን ነው የሚሰሙት፣ ክርክሩ እንደውም የዛን ጊዜ ነው የሚጀምረው።

ርስት ስላነሳህ ደግሞ፣ የኛ የመሬት ስጦታዎች ብዙዎቹ የት እንደተጻፉ ታውቃለህ አይደል? ወንጌል ላይ። ባዶ ገጽና ኅዳግ ላይ፣ ምክንያቱም ወንጌልን ማንም ደፍሮ አይፍቅም ተብሎ ስለሚታሰብ። ያንተም ሰዎች ውላቸውን በማይነካ መጽሐፍ ዳር ላይ ይደብቁ።

ሰዓሊዎቹንም አትርሳቸው። በድሮው ሥዕል ላይ ጻድቁ ፊት ለፊት በሁለት ዓይኑ ያይሃል፣ ክፉው በጎን ነው የሚሳለው፣ አንድ ዓይን ብቻ። አስበው እስቲ አንድ ሰዓሊ አንድን ሰው በጎን እንዲስል ታዞ እጁ እምቢ ቢለው።

የጭቃ ልጅ፦

እኔ ጸሐፊም የታሪክ ሰውም አይደለሁም ግን የእጅ ባለሙያዎች ማኅበር ስትል ልቤ ስለተነካ ነው የምጽፈው። እናቴ ሸክላ ሰሪ ናት። ምጣድ፣ ጀበና፣ እንስራ። በዛ ሙያ ነው አራት ልጅ ያሳደገችው። ገበያ ላይ ጀበናዋን ይገዟታል፣ ቤታቸው ግን አትገባም። ትንሽ ልጅ ሆኜ አንዲት ሴትዮ ልጇን ከኔ አጠገብ ስባ ስታርቀው፣ ዓይኑን እንዳታየው ስትለው ሰምቻለሁ። ቡዳ ማለቷ ነው። ማታ ጅብ ይሆናሉ ይሉናል። ቀጥቃጩንም፣ ሸማኔውንም፣ ቆዳ ፋቂውንም እንደዛው። እና አንተ ማኅበርህን አምባ ላይ አስቀምጠህ ንጉሥ እንኳ የሚፈራቸው ካደረግካቸው ስለ ሌላ አገር ነው የጻፍከው። የኛ አገር የእጅ ሰውን ያለ እሱ መኖር አይችልም ግን ማዕድ አያቀርበውም።

አጼ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም ያወጡት አዋጅ አለ፣ ሰራተኛን አትስደቡ የሚል፣ እናንተ ብልህ ሰው ብረት ቢሰራ ጠይብ እያላችሁ፣ ሸማ ቢሰራ እንዲህ እያላችሁ ትሰድባላችሁ ብሎ አንድ በአንድ ይቆጥራል። እኔን ያስደነገጠኝ ከነዚህ መሃል አንዱ ሲጽፍ ደግሞ ጠንቋይ ትሉታላችሁ የሚለው ነው። ጸሐፊው ከቀጥቃጩና ከሸማኔው ጋር አንድ መስመር ላይ ነው የገባው። ማለት ሰው በእጁ የሆነ ነገር ከሰራ፣ ብረትም ይሁን ፊደል፣ ሌላው ሰው ያልገባውን ነገር ስለሰራ አስማተኛ ይባላል። አስማቱ መጀመሪያ የመጣው ከሚፈሯቸው ሰዎች አፍ ነው።

ስለዚህ ስማቸው ፋቂዎች ይሁን። የታሪክ ተማሪው ስለ ቃሉ የጻፈው ላይ አንድ ነገር አልጨመረም፣ ፋቂ እኮ ስድብ ነው። እናቴን ብለዋት አያውቁም የሷ ሌላ ነው፣ ጎረቤታችን ቆዳ የሚሰራውን ሰውዬ ግን በስሙ ሳይሆን ፋቂ እያሉ ነበር የሚጠሩት። ከተማው ሲሰድባቸው ፋቂ ይላቸዋል፣ እነሱ ደግሞ የንጉሡን ስም ፍቀው ማውጣት የሚችሉ ብቸኛ ሰዎች ናቸው። ከታች ቆመው የሁሉን ስም ይዘዋል። እንደዛ ካደረግከው መጀመሪያ የማነበው እኔ ነኝ፣ ለእናቴም አነብላታለሁ።

ወለተ ሥላሴ፦

ሁላችሁም ጥሩ ብላችኋል ግን አንድ ነገር ቅር ስላለኝ ልናገር። ብራናና አስማትን አንድ ላይ ስትቀላቅሉ ተጠንቀቁ። ክታብ አለ ጠልሰም አለ አልክድም፣ ደብተራው ብራናውን በታማሚው ቁመት ልክ ቆርጦ ከራስ እስከ እግር እንዲጠብቀው ብሎ የሚጽፍለት፣ ዓይን ዓይን የሞላበት ሥዕል ያለው። ግን ያ ሌላ ነው፣ ወንጌል የሚጽፈው አባት ደግሞ ሌላ ነው። ብዙዎቹ ጸሐፊዎች አስማተኛ ብትሏቸው ያለቅሳሉ። ለነሱ ስራው ጸሎት ነው።

በኛ ትውፊት አባ ገሪማ ወንጌሉን በአንድ ቀን ነው የጻፉት፣ እስኪጨርሱ ፀሐይ ሳትጠልቅ ቆማ ጠበቀቻቸው ነው የሚባለው። አድዋ አጠገብ ገዳማቸው ውስጥ ያሉትን ወንጌሎች ደግሞ ሳይንቲስቶቹ በካርቦን መርምረው በፈረንጅ ከ330 እስከ 650 ባለው ጊዜ ውስጥ የተሰሩ ናቸው ብለዋል፣ ከዓለም ጥንታዊ ሥዕላዊ ወንጌሎች ውስጥ ናቸው። እና ልብ በል፣ ተአምሩ ብዕሩ በራሱ ጻፈ አይልም። አባታችን ራሳቸው በእጃቸው ነው የጻፉት፣ የተጨመረላቸው ጊዜ ነው። ፀሐይ ድካማቸውን አልቀነሰችላቸውም። ልቦለድህ ውስጥም እንደዛ ብታረገው ደስ ይለኛል፣ ሁሉም የማኅበሩ ሰው ስራውን አስማት ብሎ አይጥራው፣ አስማት የሚለውን ቃል ሰምቶ ብዕሩን አስቀምጦ የሚወጣ አንድ ሽማግሌ ይኑርህ።

ከለንደን፦

እኔ ለንደን ነው የምኖረው። የመቅደላ ብራናዎች ብሪቲሽ ላይብረሪ ውስጥ እንዳሉ ታውቃላችሁ፣ አጼ ቴዎድሮስ ለመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን ብለው ከየቦታው የሰበሰቧቸው። ሚያዝያ 1860 ዓ.ም ንጉሡ ከሞቱ በኋላ እንግሊዞቹ ዘረፉት፣ የተዘረፈውን ለማጓጓዝ 15 ዝሆንና ወደ 200 የሚጠጋ በቅሎ ነው የተጠቀሙት ይባላል። ከዛ ውስጥ በመቶዎች የሚቆጠር ብራና እዚህ ገባ።

ኤግዚቢሽን ላይ አንዱን አይቻለሁ። መስታወት ውስጥ ነው፣ ሁለት ገጽ ብቻ ተከፍቷል። ግማሽ ሰዓት ቆምኩ። ፊደሉን ማንበብ እችላለሁ፣ አጠገቤ ያሉት ሰዎች አይችሉም፣ ግን ገጹ ሲያልቅ መግለጥ አልችልም፣ አረፍተ ነገሩ መሃል ላይ ይቆማል። ሽታም የለውም፣ እኔ የማውቀው የቤተ ክርስቲያን መጽሐፍ ዕጣን ይሸታል ጥላሸት ይሸታል። ከላይ ጥግ ላይ የሰው ጣት ያጠቆረው ቦታ ነበር፣ ገጹ ሲገለጥ የሚያዝበት፣ ስንት ሰው አውራ ጣቱን እዛ ጋ እንዳሳረፈ አስቡት።

መጽሐፎቹ ሲነኩ ብቻ ይንቁ በለው። የማኅበሩ መጻሕፍት በጦርነት ተወስደው ባሕር ማዶ መስታወት ውስጥ ቢቀመጡ አስማታቸው አልጠፋም ግን የሚነካቸው የለም። አንባቢው ከመስታወቱ ውጭ ቆሞ የሁለት ገጽ ታሪክ ብቻ ያያል፣ የሚቀጥለው ገጽ ላይ ምናልባት የእናቱ አገር ስም አለ።

የማታ ብዕር፦

ወይ ጉድ፣ ይሄን ሁሉ አልጠበቅኩም፣ ሁላችሁንም አመሰግናለሁ ከልቤ። ሌሊቱን ሙሉ ስጽፍ አደርኩ። ውሸት እምቢ ይላል የሚለውን ሕግ ጥዬዋለሁ። አሁን መጽሐፉ የሚያሳየው አንድ ሰው ከቆመበት ያየውን ነው፣ ቀዳዳ ባለበት ቦታ ደግሞ ማንም ያላየው ነው ያለው፣ አንባቢው እዛ ሲደርስ ጨለማ ይሆናል፣ የፍየል ድምፅ ብቻ ይሰማል። የተፋቀ ስም ላይ ጣቱን ያሳረፈ ሰው ማን እንደሆነ ሳያውቅ የሚጠራውን ድምፅ ይሰማል። ወለተ ሥላሴ ያልሽው ሽማግሌ ገብቷል፣ ማኅበሩም ፋቂዎች ሆኗል፣ የጭቃ ልጅ እናትህን ሰላም በልልኝ። የለንደኑ መስታወት የመጨረሻው ክፍል ይሆናል መሰለኝ፣ ገና አልደረስኩበትም። አዲሱ መክፈቻ ይሄው፦

«ሐረግ ንጉሡ በላከው ብራና ላይ ጎንበስ ብላ ስሙን ፈለገችው። አራት ፊደል ነው፣ በቀይ። የቀለሙን ቀንድ ከጠረጴዛው ጠርዝ አራቀችውና ቢላዋን አነሳች። አባቷ ቆዳ ሲፍቅ እንዳደረገው ወደ ራሷ ሳይሆን ወደ ውጭ ገፋችው። መጀመሪያ የወጣው አቧራ ብቻ ነበር። ሁለተኛው ፊደል ላይ ስትደርስ ስሙን የያዘው ሰው ሳቀ፣ ቤት ውስጥ ከሷ ሌላ ማንም አልነበረም። ቢላዋን አላቆመችም። ከተማው ፋቂ የሚላት በዚህ ነው፣ እንጀራዋም ይሄው ነው። ሦስተኛው ላይ ሰውየው መሳቁን ትቶ እናቱን ተጣራ።»

የቀለም ቀንድ፦

እኔ ይሄን አንብቤ ቁጭ አልኩ። አያቴ ቢያነቡት ብዬ ነው ያሰብኩት፣ ነፍሳቸውን ይማርና።

አንድ ነገር ብቻ አርምልኝ። ጠረጴዛ የለም። ጉልበቷ ላይ ነው የምትሰራው፣ ብራናው ጭኗ ላይ ነው። ቀንዱ ደግሞ የትም አይቀመጥም፣ ሹል ጫፉ መሬት ላይ ይተከላል፣ ጥቁሩ ለብቻ ቀዩ ለብቻ። አያቴ የሚቀመጡበት ቦታ ላይ ወለሉ ጭቃ ስለነበር ሁለት ጉድጓድ ነበረው፣ ከሞቱ በኋላም ብዙ ጊዜ ቆይቷል፣ እናቴ ቤቱን በእበት ስትለቀልቅ እሱን ቦታ ትዘለው ነበር።

የማታ ብዕር፦

ጠረጴዛው ወጥቷል። ሁለቱን ጉድጓድ ላስገባቸው? ከፈቀድሽልኝ ብቻ ነው።

የቀለም ቀንድ፦

አስገባቸው። ቀዩ በቀኝ በኩል ነበር።